ያቺን አሮጊት ፈልጓት፦ የናይማ ቪፍስትራንድን ፊልሞች እንዴት እንደምታዩ

አንድ ሽማግሌ ፕሮፌሰር በመኪና ረጅም መንገድ እየሄደ ነው። መንገድ ላይ እናቱን ልጠይቅ ብሎ ይወርዳል። እሱ ራሱ ሰማንያ ሊሞላው ምንም አልቀረው፤ እናቱ ደግሞ ዘጠና ምናምን። ወንበሯ ላይ ቀጥ ብላ ተቀምጣ፣ አሮጌ መጫወቻ የሞላበት ሳጥን አምጡልኝ ትላለች። እያንዳንዱን እያነሳች ይሄ የእገሌ ነበር፣ ያ የእገሊት ነበር እያለች ታስቀምጣለች። አሥር ልጆች ወልዳለች፤ የቀራት ይሄ ፊት ለፊቷ ያለው ሽማግሌ ብቻ ነው።

ፊልሙን አቁሜ ስልኬን አነሳሁ። ይቺን ሴትዮ ከየት አመጧት ብዬ። እና ምን አገኘሁ መሰላችሁ? ልጅየው ቪክቶር ሾስትሮም ነው፤ የተወለደው 1879። እናትየው ናይማ ቪፍስትራንድ ናት፤ የተወለደችው 1890። እናት ከልጇ በ11 ዓመት ታንሳለች! ቀረጻው በ1957 በጋ ነበር፤ እሷ ገና 66 ዓመቷ ነው። እኔ ግን ሜካፑንም፣ ትወናውንም፣ ምንም ሳልጠራጠር አምኜ ቁጭ ብያለሁ።

ከዚያ ቀን ጀምሮ ይቺን ሴትዮ በየፊልሙ እያሳደድኩ ነው። ብዙ ጊዜም አባክኛለሁ። እናንተ እንዳታባክኑ ብዬ ነው ይሄን የምጽፈው። (ዓመተ ምህረቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው፤ እየደጋገምኩ እ.ኤ.አ. አልልም።)

በቅድሚያ ግን አንድ ልማድ ጣሉ። የመሪ ተዋናይ ሥራ ስናይ ፊልሙን ሙሉ እናያለን፤ ታሪኩ የእሱ ነዋ። የረዳት ተዋናይት ሥራ እንደዚያ አይታይም። የሷ ፊልም አምስት ደቂቃ ነው፣ አንዳንዴም አንድ ደቂቃ። ስለዚህ የምታሳድዱት ፊልም ሳይሆን ሲን ነው። እኛም ሰፈር እኮ ስሟን ሳናውቅ "ያቺ ሁሌ እናት የምትሆነው" የምንላት ተዋናይት አለችን። ስዊድኖችም ያቺን ዓይነት ሴት ነበረቻቸው፤ ልዩነቱ የሷን ደቂቃዎች የቀረጸው ሰው ታዋቂው የስዊድን ዳይሬክተር ኢንግማር በርግማን መሆኑ ነው።

ከየት ልጀምር?

ከመጀመሪያው እንዳትጀምሩ። እኔ ይሄን ስህተት ሠርቻለሁ። ዝርዝሯን ከላይ ወደ ታች ይዤ በዓመቱ ቅደም ተከተል ልያት ብዬ ተነሳሁ፤ ሦስተኛው ላይ ደከመኝ። አንዱን ፊልም እስከ መጨረሻው ጠብቄ፣ በጀርባዋ አለፈች ወይስ ሌላ ሴት ናት ብዬ ስጨቃጨቅ አመሸሁ። ከራሴ ጋር ነው የምጨቃጨቀው፣ ቤት ውስጥ ማንም አልነበረም።

ጀምሩ ከመሀል። ከላይ ካልኳችሁ ፊልም። በአማርኛ "የዱር እንጆሪ" ልንለው እንችላለን፤ ስዊድኖቹ "ስሙልትሮንስቴሌት" ይሉታል፣ የዱር እንጆሪ የሚበቅልበት ቦታ እንደማለት ነው። ፊልሙ 91 ደቂቃ ነው፤ በ1958 በርሊን የፊልም ፌስቲቫል ላይ ዋናውን ሽልማት፣ ወርቃማውን ድብ፣ የወሰደው እሱ ነው። ከዚያ ሁለት ዓመት ወደ ኋላ ሄዳችሁ "የበጋ ሌሊት ፈገግታ"ን እዩ፣ 1955። ቀጥሎ "ፊት"፣ 1958፤ ይሄኛው ውጭ አገር "አስማተኛው" በሚል ስም ነው የሚታወቀው። ሦስቱም በስዊድን ሲኒማ ቤቶች የተከፈቱት ታኅሣሥ ማብቂያ ላይ፣ በፈረንጆቹ ገና ማግስት ነው። ሰዉ ጠግቦ በልቶ፣ ዘመድ ጠይቆ፣ ማታ ሲኒማ ሲገባ ያቺን ሴትዮ ነበር የሚያገኛት ማለት ነው።

ሦስቱን ካያችሁ በኋላ ፊቷን ትለምዱታላችሁ። ያኔ ወደ 1948ም፣ ወደ 1968ም መሄድ ትችላላችሁ። በጀርባዋ ብታልፍም ታውቋታላችሁ።

ስሟን አጻጻፍ

ይሄ ቀላል ይመስላል፤ ግን እኔ አንድ ሳምንት አጥፍቼበታለሁ። ስሟ በላቲን ፊደል ሲጻፍ የአባቷ ስም በደብልዩ ነው የሚጀምረው፤ ስዊድኖች ግን እንደ "ቪ" ነው የሚያነቡት። በቪ ብትፈልጉ ላታገኟት ትችላላችሁ።

ሁለተኛ፣ የፊልሞቹን ርዕስ በስዊድንኛ ፈልጉ። አንድ ፊልም አሜሪካ አንድ ስም፣ እንግሊዝ ሌላ ስም ይኖረዋል። ስዊድንኛው ግን አንድ ነው። የስዊድን ፊልም ኢንስቲትዩት በነጻ የሚታይ ትልቅ የፊልም ዳታቤዝ አለው፤ እዚያ ስሟን ስትጫኑ የፊልሙ ዓመት፣ ዳይሬክተሩ፣ የተጫወተችው ሰው ስም ሁሉ ይመጣል። ስዊድንኛ አልችልም ብላችሁ አትፍሩ። ስልካችሁ ላይ ያለው ተርጓሚ ይበቃል።

እንዲያውም ስድስት ቃል ብታውቁ ግማሹን መንገድ ሄዳችኋል። "ፍሩ" ማለት ወይዘሮ ነው። "ፍሬከን" ወይዘሪት። "ሞር" እናት። "ታንት" አክስት፣ ወይም እኛ እትዬ እንደምንለው ያለ። "ፋርሞር" የአባት እናት፤ "ሞርሞር" ደግሞ የእናት እናት። እኛ ሁለቱንም አያት ብለን እንገላገላለን፤ እነሱ ይለያሉ። የሷን የሚና ዝርዝር ስታዩ እነዚህ ቃላት ናቸው የሚደጋገሙት። በ1949ኙ "ጥማት" የባሌ አስተማሪዋ ፍሬከን ሄንሪክሶን ናት። በ1955 ፍሩ አርምፌልት። ሚናው ፍሬከን ይሁን ፍሩ ወይም አያት ሳታዩ ፊልሙን አትክፈቱ፤ ማንን እንደምትጠብቁ ማወቅ አለባችሁ።

ስዊድን የምትኖሩ ደግሞ ዕድለኞች ናችሁ። በሰፈራችሁ ቤተ መጻሕፍት ካርድ የድሮ ፊልም በዲቪዲ መዋስ ይቻላል፤ ሲኒማቴክ የሚባለውም የድሮ ፊልም በትልቅ ስክሪን ያሳያል። እኛ ውጭ ያለነው በኪራይና በዲስክ ነው የምንገፋው። ብቻ ሰብታይትሉን ቀድማችሁ ፈትሹ። የሷ ሚናዎች በንግግር የተሞሉ ናቸው፤ የተበላሸ ሰብታይትል ቀልዷን ይገድለዋል።

እጇን እዩ

አሁን ወደ ዋናው ነገር። አንድ ደብተር ያዙ። እሷ ያለችበት ሲን ሲመጣ ሦስት ነገር ጻፉ፦ ስንተኛው ደቂቃ ላይ ገባች፣ እጇ ላይ ምን አለ፣ ማንን ነው የምታየው። ሌላ አያስፈልግም።

ለምን እጇን? አምስት ደቂቃ ብቻ የተሰጣት ተዋናይት ስለ ራሷ ታሪክ ለመናገር ጊዜ የላትም። ስለዚህ ዕቃው ይናገርላታል። እኔ ደብተሬን ገልጬ ሳይ አራቱ ትልልቅ ሚናዎቿ አራት ዕቃ ናቸው፦ ሰዓት፣ ካርታ፣ መድኃኒት፣ ባርኔጣ።

ሰዓቱ "የዱር እንጆሪ" ውስጥ ነው። ከመጫወቻው ሳጥን ጋር አንድ የወርቅ ሰዓት ታወጣለች። የባሏ፣ ማለትም የፕሮፌሰሩ አባት ሰዓት ነበር። ሃምሳ ዓመት ሊሞላው ላለ አንድ የልጅ ልጇ ልስጠው ወይ ብላ ትጠይቃለች። ሰዓቱን ወደ ልጇ ታዞረዋለች፤ ቆጣሪ የለውም። ቁጥሩ አለ፣ ዘንጉ የለም።

ይሄ ለምን ያስደነግጣል? ፊልሙ መጀመሪያ ላይ ፕሮፌሰሩ ቅዠት አይቷል፤ ባዶ ጎዳና፣ የተሰቀለ ሰዓት፣ ሰዓቱ ቆጣሪ የለውም። እኛ ህልም ነው ብለን አልፈነዋል። አሁን ግን ያ ህልም በእናቱ መዳፍ ላይ በጠራራ ፀሐይ ተቀምጧል። እሷ ይሄን ሁሉ አታውቅም። ለሷ የተበላሸ ሰዓት ነው፣ ይጠገናል። ናይማ ያንን ሰዓት እንዴት እንደያዘችው እዩ። ምንም አታጋንንም። ዓይኗን አታፈጥም፣ ድምጿን አትቀንስም። አንድ ሌላ ተዋናይት ብትሆን "ይሄ ምልክት ነው፣ ልብ በሉ" ብላ ትነግረን ነበር። እሷ እንደ ቅቤ ቅል ነው የያዘችው። ያስፈራኝም ይሄው ነው።

እዚያው ሲን ላይ ይበርደኛል ትላለች። በጋ ነው እኮ። ሁልጊዜም እንደሚበርዳት፣ በተለይ ሆዷ አካባቢ፣ ዶክተር ለሆነው ልጇ ታወራለታለች። ኢንግሪድ ቱሊን የፕሮፌሰሩ ልጅ ሚስት ሆና ከጎን ቆማ ታያታለች፤ የዚያ ቤተሰብ ቅዝቃዜ ከየት እንደመጣ የገባት በዚያች ደቂቃ ነው።

እናቴን አስቀምጬ ይሄን ሲን አሳይቻታለሁ። ሰብታይትል አታነብም፣ ስዊድንኛ ከየት ታመጣለች። ዝም ብላ አየችና "ይቺ ሴትዮ ብርድ ገብቷታል" አለች። ቀጥላ ደግሞ "ክፉም ናት መሰለኝ" አለች። ድምፅ ሳይገባት ሁለቱንም አገኘችው። እንግዲህ የመጀመሪያው ፈተና ይሄ ይሁናችሁ፦ ድምፁን አጥፉና ሲኑን እዩ። ምን እንደሆነች ካወቃችሁ ተዋናይቷ ሥራዋን ሠርታለች።

ካርታው ደግሞ "የበጋ ሌሊት ፈገግታ" ውስጥ ነው። ፍሩ አርምፌልት አልጋዋ ላይ ሆና ብቻዋን ካርታ ትጫወታለች። የተዋናይቷ የደዚሬ እናት ናት፤ ደዚሬን ኤቫ ዳልቤክ ናት የምትጫወተው። አሮጊቷ በወጣትነቷ ብዙ ወዳጅ የነበራት ሴት ናት፤ ያን ትልቅ ቤት እንዴት እንዳገኘችው ስትናገር፣ የሕይወት ታሪኬን አልጽፍም ብዬ ቃል ስለገባሁ ነው የተሰጠኝ ትላለች። ይሄን ስትል ካርታውን መደርደር አታቆምም። እዩት። ቀልዱን ጥላ ወደ ካርታዋ ትመለሳለች፤ ሳቁ ለኛ ነው የተተወው። ቀልድ ተናግሮ ሰው ሳቀልኝ ወይ ብሎ ቀና የሚል ተዋናይ ስንት አለ!

ከዚያ እራት አለ። እንግዶቹ እርስ በርስ የሚፈላለጉና የሚጠላሉ ባልና ሚስቶች ናቸው። አሮጊቷ የምታቀርበው ወይን አለ፤ ምን እንደተጨመረበት ስትናገር የመጀመሪያ ልጇን ጡት የምታጠባ ሴት ወተትና የድንጉላ ፈረስ… በቃ ቀሪውን እዚያው ስሙት። ከወላጅ ጋር የምታዩ ከሆነ እዚህ ጋ ውሃ ልጠጣ ብላችሁ ተነሱ። ይሄ ፊልም በ1956 ካን የፊልም ፌስቲቫል ላይ ለግጥማዊ ቀልዱ ተብሎ ተሸልሟል፤ በ1973 ደግሞ ኒውዮርክ ብሮድዌይ ላይ ሙዚቃዊ ቲያትር ሆኖ ወጥቷል። እዚያም አሮጊቷ አለች። ናይማ የሠራችው ሚና ውቅያኖስ ተሻገረ ማለት ነው።

መድኃኒቱ "ፊት" ውስጥ ነው። ዘመኑ 1846፣ አንድ የአስማተኞች ቡድን በሠረገላ ስቶክሆልም ይገባል። ናይማ የአስማተኛው የቮግለር አያት ናት፤ ፋርሞሯ ይቺ ናት። ለፍቅር ይሆናል የሚባል መድኃኒት ለቤቱ ሠራተኞች ይሸጣሉ። እኛ አገር መስተፋቅር የምንለው መሆኑ ነው፤ ይሄን ለአማርኛ ተመልካች ማብራራት አያስፈልግም።

ጆሯችሁንም ክፈቱ

ሁለተኛው ፈተና የመጀመሪያው ግልባጭ ነው። ስክሪኑን ሸፍኑና ድምጿን ብቻ ስሙ።

ናይማ የመጣችው ከኦፔሬታ ነው። ንግግርና ዘፈን የተቀላቀለበት፣ ቀለል ያለ የሙዚቃ ድራማ ማለት ነው፤ በዘመኑ ሰዉ ተጋፍቶ የሚገባበት። ማይክሮፎን በሌለበት መድረክ ላይ፣ ኦርኬስትራ እየጮኸ፣ የመጨረሻው ወንበር ላይ ላለው ሰው እያንዳንዱን ቃል ማድረስ ነበረባት። ይሄ ትምህርት ስታረጅም አይጠፋም። አሮጊት ስትሆን ድምጿን አታንቀጠቅጥም፤ ብዙ ተዋናይ አሮጊት ሁኚ ሲሏት መጀመሪያ የምታደርገው እሱን ነው። ናይማ ግን ትንፋሿን ነው የምታሳጥረው። አንድ ዓረፍተ ነገር ሁለት ቦታ ላይ ትቆርጣለች፤ ቃሉ ራሱ ግን ጥርት ብሎ ይሰማል። ስዊድንኛ ባትችሉም ቃላቱ የት ጀምረው የት እንደሚያልቁ ትለያላችሁ።

"ፊት" ውስጥ ሳና የምትባል ልጅ እግር ሠራተኛ አለች። ፈርታለች። አያትየው አልጋዋ አጠገብ ሆና ስለ ፍቅር ታንጎራጉርላታለች። እዚህ ጋ ፊልሙን እስካሁን አጭበርባሪ መስላን የኖረችው አሮጊት በድንገት እውነተኛ ትሆናለች። የኦፔሬታ ኮከብ የነበረች ሴት በሹክሹክታ ስትዘፍን! ሦስት ጊዜ ደግሜ ሰምቼዋለሁ።

ከኦፔሬታ በኋላ ወደ ከባድ ቲያትር ዞረች። ጀርመናዊው ቤርቶልት ብሬሽት ከሂትለር ሸሽቶ ስካንዲኔቪያ ነበር፤ በ1938 ስለ ስፔን ጦርነት የጻፈው ድራማ ስቶክሆልም ሲታይ እናቲቱን ካራርን የተጫወተችው ናይማ ናት። በሚቀጥለው ዓመት እዚያው ስዊድን ሆኖ በጦርነት መሀል ጋሪ እየገፋች የምትነግድ እናት ታሪክ ሲጽፍ፣ ከፊንላንድ ጦርነት ግጥሞች ውስጥ ያለችውን ስንቅ ሻጭ ሴት ሎታ ስቬርድን ያስተዋወቀችው እሷ እንደሆነች ይነገራል። ስለዚህ በርግማን ሲያገኛት ልምድ የሌላት አሮጊት አልነበረችም። በዘፈን ሰው ማሳቅም፣ ልጁ በጦርነት የሞተባት እናት መሆንም የምትችል ሴት ነበረች።

ዕድሜ ቆጠራ

ይሄን ክፍል በጣም እወደዋለሁ። ደብተራችሁ ላይ ለእያንዳንዱ ፊልም ሁለት ቁጥር ጻፉ፦ የሷ ዕድሜና የሚናው ዕድሜ። ከጎኑ ደግሞ "ልጅ" የተባለው ሰው መቼ እንደተወለደ።

የ1957ቱን ሾስትሮም ነግሬያችኋለሁ። አሁን ይሄን ጨምሩበት። በዚያው ዓመት፣ በ1957፣ በርግማን ማልመ ከተማ ቲያትር ውስጥ የኖርዌጂያዊውን ጸሐፊ የኢብሰንን ድራማ "ፔር ጊንት" አዘጋጅቶ ነበር። ፔር ጊንት ማክስ ቮን ሲዶ ነው፤ እናቱ ኦሰ ናይማ። ቮን ሲዶ የተወለደው 1929 ነው። እንግዲህ ቁጠሩ፤ በአንድ ዓመት ውስጥ ይቺ ሴት በመድረክ የ1929 ልጅ፣ በፊልም የ1879 ልጅ ነበራት። በሁለቱ ልጆቿ መሀል ሃምሳ ዓመት አለ። በሚቀጥለው ዓመት ደግሞ "ፊት" ውስጥ ቮግለርን የሚጫወተው ያው ቮን ሲዶ ነው፤ አሁን አያቱ ሆናለች። እናት በነበረች በዓመቱ አያት።

አሮጊት ሆና የተቀጠረችው አርጅታ አይደለም የምለው ለዚህ ነው። በርግማን ክረምቱን ቲያትር፣ በጋውን ፊልም ይሠራ ነበር፤ ያው ሰዎቹን ይዞ ይዞራል። አንድ ቡድን ውስጥ አሮጊት ታስፈልጋለች፤ እሷ አለች። ወጣቶቹ በየፊልሙ ፍቅረኛ፣ ባል፣ ቄስ እየሆኑ ሲለዋወጡ የሷ ቦታ አንድ ነው። ያንን አንድ ቦታ ግን አንዴም ደግማ አልሠራችውም። የ1955ቷ አሮጊት ሁሉን አይታ የጨረሰች ናት፤ የ1957ቷ ምንም ያልሞቃት፤ የ1958ቷ ሸቀጥ የያዘች።

የካሜራ ነገርም አለበት። እነዚህን ሦስቱን የቀረጻቸው ጉናር ፊሸር ነው። ጥቁርና ነጩን አጥብቆ ነው የሚለየው፤ የፊቷ መስመር ሁሉ እንደተቀረጸ እንጨት ይታያል። ኋላ ላይ ስቬን ኒክቪስት ሲመጣ ብርሃኑ ይለሰልሳል። አንድ ፊት በሁለት ካሜራማን ማየት ከፈለጋችሁ የ1957ቱንና የ1968ቱን አንድ ማታ ላይ አከታትሉ።

የቀሩት፣ በአጭሩ

"የሚጠብቁ ሴቶች" 1952፣ "የሴቶች ህልም" 1955፤ ሁለቱም ውስጥ አለች፣ ሚናዋ ትንሽ ነው። በርግማንን ለማየት ብላችሁ ካያችኋቸው ደስ ይላል፤ ለሷ ብቻ ብላችሁ ግን አትድከሙ።

ሁለት ፊልሞች ግን ጥንድ አድርጋችሁ እዩ። የመጀመሪያው "ሙዚቃ በጨለማ"፣ 1948፤ ዓይኑ ስለጠፋ አንድ ፒያኖ ተጫዋች ነው፤ መሪ ተዋናይቷ ማይ ሴተርሊንግ የምትባል የ22 ዓመት ወጣት ናት። ናይማም አለች። ከዚያ 18 ዓመት ዝለሉና "የሌሊት ጨዋታ"ን ክፈቱ፣ 1966። የዚህ ፊልም ዳይሬክተር ማናት? ያቺው ማይ ሴተርሊንግ። ትልቅ ዳይሬክተር ሆና፣ ድሮ አብራት የሠራችውን ሴትዮ ጠርታ አክስት አስትሪድን ሰጠቻት። ይሄ ፊልም ቬኒስ ፌስቲቫል ላይ ብዙ ሁካታ አስነስቷል፤ ለዳኞችና ለጋዜጠኞች በዝግ ነው የታየው። ሳን ፍራንሲስኮ ሲሄድ ደግሞ የድሮዋ ሕፃን ኮከብ ሸርሊ ቴምፕል ይሄ ከታየ እኔ የለሁበትም ብላ ከፌስቲቫሉ ቦርድ ወጣች። ስለዚህ በቤተሰብ ፊት አትክፈቱት። እኔ ነግሬያለሁ።

አንድ አቋራጭም ልስጣችሁ። ኢንግሪድ ቱሊን ያለችበትን ፊልም ስታዩ ናይማን ፈልጉ። "የዱር እንጆሪ"፣ "ፊት"፣ "የሌሊት ጨዋታ"፣ "የተኩላ ሰዓት"፤ አራቱም ላይ ሁለቱም አሉ።

ባርኔጣው

"የተኩላ ሰዓት"ን ለመጨረሻ አስቀሩት። የወጣው በ1968 መጀመሪያ ነው፤ ናይማ በዚያው ዓመት በጥቅምት ወር በ78 ዓመቷ አረፈች። ታሪኩ አንድ ሰዓሊና ነፍሰ ጡር ሚስቱ ደሴት ላይ ሲኖሩ፣ ሰዓሊው ቀስ በቀስ አእምሮውን ሲስት ነው። የተኩላ ሰዓት የሚባለው ሌሊቱ ሊነጋ ሲል ያለው ጊዜ ነው፤ ብዙ ሰው የሚሞትበት፣ ብዙ ሕፃን የሚወለድበት። ማታ ብቻችሁን አትዩት። እኔ ቀን ላይ አይቼውም መብራት አብርቼ ነው የተኛሁት።

የናይማ ሚና ስም እንኳ የለውም፤ "ባርኔጣ ያደረገችው ሴት" ነው የሚለው። ሁለት ቦታ ላይ ጠብቋት።

የመጀመሪያው ቀን ላይ ነው። ሚስትየው አልማ፣ ሊቭ ኡልማን ናት፣ ከቤት ውጭ ሳለች አንዲት ነጭ የለበሰች አሮጊት ከየት መጣች ሳይባል ፊቷ ትቆማለች። ዕድሜዬ 216 ነው ትላለች። ከዚያ፣ ምን ነካኝ፣ 76 ማለቴ ነው ብላ ታርማለች። ደብተራችሁ ላይ ያለውን ቆጠራ አውጡ። ቀረጻው በ1966 ነው። ናይማ በዚያ ዓመት መስከረም ላይ 76 ሞላት። ስንት ዓመት ሙሉ የሌላ ሰው ዕድሜ ስትናገር ኖራ፣ እዚህ ጋ የራሷን ተናገረች፤ እሱንም እንደ ስህተት እርማት አድርጋ። ቀጥላ አልማን እጄን ንኪኝ ትላታለች። ባልሽ አልጋው ስር የደበቀውን ማስታወሻ አንብቢው ብላትም ትሄዳለች። መናፍስት ናት፣ ግን እጇ ይጨበጣል።

ሁለተኛው ቦታ መጨረሻው አካባቢ፣ ቤተ መንግሥት በሚመስለው ቤት ውስጥ ነው። ሙዚቃውን በደንብ ልስማው ብላ ባርኔጣዋን ልታወልቅ ትጀምራለች። ባርኔጣው ሲወርድ ፊቷም አብሮ ይወርዳል። እንደ ጭንብል ትልጠዋለች። ዓይኗን አውጥታ ብርጭቆ ውስጥ ትጨምረዋለች። ደብተሬ ላይ በዚህ ሲን ፊት ለፊት የጻፍኩት አንድ ነገር ብቻ ነው፦ "አትቸኩልም።" ከቤተ ክርስቲያን መጥታ ነጠላዋን አጣጥፋ እንደምታስቀምጥ ሴት፣ በዚያው እርጋታ ነው የምታወልቀው።

እናቴ በዚያን ቀን ቡና ይዛ በበሩ ስታልፍ ስክሪኑን አየችው። ፊቱ ገና አልወረደም፤ ባርኔጣው ላይ ነን። ቆመችና ትኩር ብላ አየች።

"ይቺ ያቺ ብርድ የገባት ሴትዮ አይደለችም እንዴ?"

"እሷ ናት።"

"እስካሁን አልሞተችም?" አለችኝ።

"የዱር እንጆሪ" ውስጥ አሮጊቷ ስለ ራሷ የምትለው ትዝ አለኝ፤ አንድ ጥፋት ብቻ ነው ያለብኝ፣ አለመሞቴ። ለእናቴ ተረጎምኩላት። ሳቀችና "ጎበዝ ናት" ብላ ቡናውን አስቀምጣ አጠገቤ ተቀመጠች፤ እኔም ቀጥሎ የሚመጣውን ስለማውቅ ፊልሙን አቆምኩት።